ካርድ ቁጥር ሁለትን ስላገዳችሁልኝ

ለተከበሩ የባንካችን ቅርንጫፍ ሥራ አስኪያጅ፣
ባሉበት

ክቡር ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ ጤናዎ እንደ ወንበርዎ የተደላደለ፣ እንቅልፍዎም እንደ ካዝናዎ በር የጠበቀ እንዲሆንልዎ ከልብ እመኛለሁ። እኔ ደህና ነኝ ብዬ እንዳልጽፍልዎ ግን፣ ለመሥሪያ ቤትዎ ሐሰተኛ ቃል መስጠት እንደሚያስጠይቅ በቅጻችሁ ግርጌ አንብቤ የፈረምኩ ሰው ነኝና ይቅርታዎን እጠይቃለሁ። በግልጽ የምጽፍልዎም በምስጢር የጻፍኳቸው አራት ደብዳቤዎች መልስ ስላላገኙ ነው።

ምናልባት ረስተውኝ እንደሆነ፣ ከቅርንጫፍዎ ፊት ለፊት፣ ከመንገዱ ማዶ ባለችው ጠባብ ሱቅ ሠላሳ አንድ ዓመት ሙሉ ልብስ የሰፋሁ ሰው ነኝ። ያንን ግራጫ ኮትዎን የለካሁልዎ እኔ ነኝ፤ የግራ ትከሻዎ ከቀኙ አንድ ጣት ያህል ዝቅ እንደሚል ከባለቤትዎ ቀጥሎ የማውቀው እኔ ሳልሆን አልቀርም፤ ከውስጥ ስፖንጅ ደርቤበት ነው እኩል የመሰለው። ይህን የማነሳው ለውለታ ሳይሆን፣ ባንክዎ «ማንነትዎን ማረጋገጥ አልተቻለም» ብሎ ሦስት ጊዜ ስለመለሰኝ ነው።

የነገሩ መነሻ ከሁለት ወር በፊት የደረሰኝ የስድስት ወር የሒሳብ መግለጫ ነው። እንደ ሁልጊዜው የሱቅ ኪራይ፣ የገበርና የክር ዋጋ አገኛለሁ ብዬ ስዘረጋው የማላውቃቸው አሥራ አራት ክፍያዎች እዚህም እዚያም ብቅ ብቅ ብለው አየሁ። ሁሉም ጥቃቅን ናቸው፤ የተከፈለበት ቦታ ስም አይጥ የቀረጠፈው ይመስል ሁለትና ሦስት ፊደል ብቻ ቀርቶታል፤ በየአጠገባቸው «ካርድ 02» ይላል። እኔ የማውቀው ካርድ አንድ ብቻ ሲሆን እሱም በስፌት መኪናዬ መሳቢያ ውስጥ ከቁልፎች ሥር ነው የሚያድረው። ሌባ ገባብኝ ብዬ፣ በጨርቅ ላይ ልክ በማሰምርበት ጠመኔዬ አሥራ አራቱንም ከብቤ፣ መኪና መጣ አልመጣ ሳልል መንገዱን ተሻግሬ መስኮት ቁጥር ሦስት ደረስኩ። ባለመነጽሯ ሠራተኛዎ በትሕትና ቅጽ ሰጠችኝ፤ ቅጹም «ክፍያውን የፈጸመውን ሰው አላውቀውም» ይላል። አሥራ አራት ጊዜ አላውቀውም ብዬ አሥራ አራት ጊዜ ፈረምኩ።

እንግዲህ ምስጋናዬን በተራ በተራ ላቅርብ።

፩ኛ፤ ስለ ፍጥነታችሁ። የጠፋ የቁጠባ ደብተር ለመተካት አምስት ወር ያመላለሳችሁኝ እናንተ፣ ይህንን ግን በአራት ቀን ጨርሳችሁ፣ ካርድ 02ን አግዳችሁ፣ ገንዘቤን እስከ መጨረሻዋ ሳንቲም መልሳችሁ፣ በዚያ ላይ የእንኳን ደስ አለዎ ደብዳቤ ጨምራችሁ ላካችሁልኝ። እሰይ! ባንክ ማለት እንዲህ ነው ብዬ ለጎረቤቴ ለፀጉር አስተካካዩ ሳይቀር ጉራዬን ነዛሁበት።

፪ኛ፤ ስለ ግልጽነታችሁ። ከደብዳቤው ጋር በላካችሁት ዝርዝር ላይ ያ የተቆራረጠው ጽሑፍ ሙሉ ሆኖ መጣ፤ ዳቦ ቤት፣ ዳቦ ቤት፣ የክርና የመርፌ መሸጫ፣ እንደገና ዳቦ ቤት፣ በየወሩም በዘጠነኛው ቀን ገደማ መድኃኒት ቤት። ባለቤቴ አጠገቤ ተቀምጣ የኮት ቁልፍ ቀዳዳ እየዘመዘመች ነበርና ወረቀቱን ተቀብላኝ ጣቷ የመድኃኒት ቤቱ ዋጋ ላይ እንዳረፈ ቀረ። ያንን ዋጋ እስከ ሳንቲሙ ታውቀዋለች። ልጃችን ከሕፃንነቷ ጀምሮ በአፏ የምትስበው የአስም መድኃኒት ነው፤ ከቤት ከወጣች በኋላ እንኳን እናቷ ድንገት ብትመጣ ብላ እየገዛች መሳቢያ ውስጥ ታስቀምጣለች። «ይቺማ የኔ ልጅ ናት፣ በሕይወት አለች» አለችና እዚያው ወንበሯ ላይ ሆና ተንሰቀሰቀች። ካርድ 02 ማለት፣ ክቡር ሆይ፣ ልጄ ኮሌጅ የገባች ዓመት በገዛ እጄ ፈርሜ ከእርስዎ ቅርንጫፍ ያወጣሁላት ካርድ ነው። እኔ ሽማግሌው ረሳሁት እንበል፤ ኮምፒውተራችሁ ግን አልረሳም፤ ከመስኮት ቁጥር ሦስት እስከ እርስዎ ጠረጴዛ ድረስ «አባባ፣ ይህን ካርድ ያወጡት እኮ እርስዎ ነዎት» የሚል አንድ ሰው ጠፋ።

እዚህ ላይ ቁጥር የማልሰጠው አንድ ቅሬታ አለኝ፤ የቀረበውም በራሴ ላይ ነው። ልጄ ከእኔ ጋር ትሠራ ነበር፤ እጇም ከእጄ ይበልጣል። ከሁለት ዓመት በፊት ለሠርግ የመጣ ውድ ሱፍ ስትቆርጥ ሁለቱንም እጅጌ ለቀኝ አድርጋ ቆረጠችውና ደንበኛው ቆሞ እያየ ጮህኩባት። አሥር ጊዜ ለክቶ አንዴ መቁረጥን ያስተማርኳት እኔ፣ አንድ ጊዜ እንኳን ሳልለካ፣ ከዛሬ ጀምሮ ልጄ ብዬ አላውቅሽም አልኳት። ካፍ የወጣ አፋፍ ነው። መቀሷን ጠረጴዛው ላይ በቀስታ አስቀምጣ ወጣች፤ የስልክ ቁጥሯንም ቀየረች። በሳምንቱ የተበላሸውን ጨርቅ ስዘረጋው የጠመኔው ምልክት የእኔ እጅ ሆኖ አገኘሁት፤ ልኩን ሳልገለብጥ ሁለት ጊዜ ያሰመርኩት እኔው ነበርኩ፤ እሷ በመስመሬ ላይ ነው የቆረጠችው። እንግዲህ በአፌ አንድ ጊዜ አላውቅሽም ያልኳትን ልጅ በእናንተ ቅጽ ላይ አሥራ አራት ጊዜ ደገምኩት።

፫ኛ፤ ስለ ምስጢር ጠባቂነታችሁ። በማግስቱ ገና በሩ ሳይከፈት ደርሼ፣ ሱቆቹ በየትኛው ከተማ እንዳሉ ብቻ ንገሩኝ ብዬ ብለምን፣ ክፍያዎቹ የእርስዎ እንዳልሆኑ ፈርመዋልና የሌላ ሰው መረጃ አንሰጥም ተባልኩ። እሺ የእኔ ናቸው ብል፣ ገንዘቡ ከተመለሰልዎ በኋላ አይቻልም ተባልኩ። እንግዲያው ገንዘቡን መልሳችሁ ውሰዱት ብል ደግሞ ለዚያ የሚሆን ቅጽ የለንም ተባልኩ። ባንክ ገንዘብ የሚወስድበት ቅጽ አጣ ሲባል በዕድሜዬ የመጀመሪያዬ ነው።

፬ኛ፤ ስለ ሥርዓት አክባሪነታችሁ። እገዳው እንዲነሳ የካርዱ ተጠቃሚ ካርዱንና መታወቂያዋን ይዛ በአካል መቅረብ አለባት ብላችሁኛል። የጠፋችብኝን ልጅ ለመፈለግ የጠፋችውን ልጅ ይዤ መምጣት አለብኝ ማለት ነው። ወይ ጣጣ! ይህን የነገረችኝ ባለመነጽሯ ሠራተኛዎ አንገቷን ደፍታ፣ አባባ ምን ላድርግ፣ ሥርዓቱ ነው አለችኝ፤ ዓይኗ እንባ ማቅረሩን ስላየሁ እሷን ከዚህ ደብዳቤ ነፃ አውጥቻታለሁ።

፭ኛ፤ ስለ ንቃታችሁ። ባለፈው ወር በዘጠነኛው ቀን ስልኬ ላይ መልእክት ገባ፤ «ውድ ደንበኛችን፣ በታገደው ካርድዎ በመድኃኒት ቤት የተሞከረውን ክፍያ በተሳካ ሁኔታ ከልክለናል» ይላል። ጥቂት ቆይቶ ሁለተኛው ገባ፤ ከዚያ ሦስተኛው። ክቡር ሆይ፣ የሚወዱት ሰው አስም ተነስቶበት አይተው ያውቁ እንደሆነ እግዜር ይወቅ። እኔ አይቻለሁ። ደረቷ ሲያፏጭ፣ ትከሻዋ ወደ ጆሮዋ ሲወጣ፣ ከንፈሯ ሲገረጣ ሌሊቱን ሙሉ አቅፌያት ተቀምጬ አውቃለሁ። አሁን ያቺ ልጅ በማላውቀው ከተማ፣ በማላውቀው ባንኮኒ ፊት ቆማ፣ ምናልባት አሁን ይሠራ ይሆናል ብላ ካርዱን ለሦስተኛ ጊዜ ስትሰጥ ይታየኛል።

ከሁሉ ይልቅ አንጀቴን የሚበላው ግን ይህ ነው። ከወጣች በኋላ ከዓመት በላይ ካርዱን አልነካችውም ነበር፤ ችግር ሲጠናባት የነካችውም ለዳቦና ለመድኃኒት ብቻ ነው። መግለጫው እጄ እንደሚገባ ታውቃለች። አባቴ አይቶ ዝም አለ፣ ይቅር ብሎኛል ብላ ይሆናል። ታዲያ ካርዱ አልሠራ ሲላት ምን ትላለች? የባንክዎን ንቃት ከየት ታውቃለች? አባቴ ዘጋብኝ ነው የምትለው። ደግሞም አልተሳሳተችም።

ልጄ ሆይ፣ ይህ ደብዳቤ ድንገት ከደረሰሽ፣ ጠመኔው የእኔ ነበር። ጥፋቱም የእኔ ነው። እናትሽ መድኃኒትሽን መሳቢያ ውስጥ አስቀምጣልሻለች።

ከእርስዎ፣ ክቡር ሆይ፣ የምለምነው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ እባክዎን ካርድ 02ን ይክፈቱልኝና ልጄ ትዝረፈኝ።

የግራ ትከሻዎን እስከ ዕለተ ሞትዎ ከቀኙ ጋር እኩል ያድርግልዎ እያልኩ፣ አንዲት ሳንቲም ሳትጎድል ገንዘቡ የተጠበቀለት፣ አንድ ልጁን ግን በአሥራ አራት ፊርማ ያስረከባችሁ፣

ታማኝ ደንበኛዎ፣
ከመንገዱ ማዶ ያለው ልብስ ሰፊ

ድኅረ ጽሑፍ፤ ደብዳቤውን ጽፌ እንደጨረስኩ ዛሬ ጠዋት አዲስ መልእክት ልካችሁልኛል። አሁንም ክፍያ ከልክላችኋል፤ የክፍያው ዓይነት «የአውቶቡስ ትኬት» ይላል። ከየት ወዴት እንደሆነ እንደማትነግሩኝ ስለማውቅ፣ የዋጋውን ልክ በወረቀት ጽፌ ወደ መናኸሪያው ሄድኩ። ትኬት ቆራጩ ጣቱን በታሪፍ ሰሌዳው ላይ ቁልቁል አወረደና፣ በዚህ ዋጋ ወደ እኛ ከተማ የሚመጣው ከአንድ ከተማ ብቻ ነው አለኝ፤ ቅጽም አላስሞላኝም። ልጄ ወደ ቤቷ ልትመጣ ነበር፣ ክቡር ሆይ። ከመንገድ የመለስናት እኔና እናንተ ነን። ነገ ጎህ ሲቀድ ከባለቤቴ ጋር እንሄዳለን፤ የዚያን ከተማ መድኃኒት ቤትና ዳቦ ቤት በር ለበር እየዞርን እንጠይቃለን። በሚቀጥለው መግለጫዬ ላይ ሁለት የመሄጃ ትኬትና ሦስት የመመለሻ ትኬት ታያላችሁ፤ አጠራጣሪ መስሏችሁ እንዳትከለክሉኝ አደራ። ክፍያውን የፈጸመውን ሰው አውቀዋለሁ፤ አባቷ ነው።