በሃያ ሁለት ዓመታቸው አሮጊት የተደረጉት ኢኒድ ኦርመሮድ

ወይዘሮ ኢኒድ ኦርመሮድ ከአባታቸው ከአቶ ሃሮልድ ኦርመሮድ እና ከእናታቸው ከወይዘሮ ኔሊ ዊታከር በእንግሊዝ አገር በበርንሊ ከተማ እ.ኤ.አ. መጋቢት 9 ቀን 1936 ተወለዱ። አባታችን የአውቶቡስ ሾፌር፣ እናታችን የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ሸማኔ ነበሩ። ይህን ጽፌ የማነብላችሁ ታናሽ እህታቸው ሂልዳ ነኝ።

የእናታችንን ጆሮ የሽመናው ማሽን ጩኸት አደንቁሮት ነበር። እንደ ፋብሪካው ሴቶች ሁሉ ድምፅ ሳያወጡ በከንፈር ብቻ ይነጋገሩ ነበር። እኛም ፊደል ሳንቆጥር ከንፈር ማንበብ ቻልን። ኢኒድ የጎረቤቱን ሴት ሁሉ ከንፈር እያስመሰሉ በሳቅ ይገድሉን ነበር።

እስከ አሥራ አምስት ዓመታቸው ተምረው፣ ሁለት ዓመት በጫማ መደብር ሠርተው፣ በ1953 ከአንድ ተዘዋዋሪ የቴአትር ቡድን ገቡ። ልጃገረድ ሆነው የተወኑት አምስት ዓመት ብቻ ነው። በ1958 የቡድኑ ባለቤት «የፋብሪካው ደወል» የተባለውን ተውኔት ሲያዘጋጁ ከእናቷ ቤት የምትኮበልለውን ልጅ ቦታ ለሚስታቸው ለወይዘሮ ቬሮኒካ ስታንዲሽ ሰጡ። እናት ሆና የምትጫወት ጠፋች። ቬሮኒካ ሃያ ስድስት፣ ኢኒድ ሃያ ሁለት ዓመታቸው ነበር። ሰውየው «ኢኒድዬ፣ ፊትሽ ለእናትነት ይመቻል፤ ቆንጆ ብትሆኚ ኖሮ ምን ይውጠኝ ነበር» አሏቸው። እህቴም ፊታቸው ላይ መጨማደድ በእርሳስ አሰመሩና በአራት ዓመት የምትበልጣቸውን ሴት «ልጄ» እያሉ ስድስት ዓመት ዞሩ።

በመጨረሻው ትዕይንት እናቲቱ ከቤት ለምትኮበልለው ልጇ በከንፈር ብቻ «በሩ አይቆለፍም» ትላታለች። ይህ በጽሑፉ ላይ አልነበረም። ኢኒድ ከእናታችን የወሰዱት ነው። ቡድኑ በርንሊ የመጣ ጊዜ እናታችን ከመቀመጫቸው ተነሥተው፣ ለገዛ ልጃቸው ለኢኒድ፣ በከንፈር «ኮትሽን ልበሺ» ብለው መለሱላቸው።

በ1961 የመድረክ አናጺውን አቶ አርተር ሆልትን አግብተው ኪት የተባለ አንድ ልጅ ወለዱ።

በ1974 ተውኔቱ ለቴሌቪዥን ሲቀረጽ የታወቀ ፊት ያስፈልጋል ተባለና የእናቲቱ ቦታ ለቬሮኒካ ተሰጠ። ለእህቴ የደረሳቸው ባልዲ ይዛ የምታልፈው ጎረቤት ነው። ቬሮኒካ የከንፈሩን ንግግር ለመማር ሁለት ሳምንት እህቴ ማድቤት ተመላለሱ፤ እህቴም ሻይ እያቀረቡ አስተማሯቸው። እኔ እናታችንን ሸጥሻት ብዬ ተቆጣሁ። «አበላሽታ ከሠራችው የምታፍረው እናታችን ናት» አሉኝ። ቬሮኒካ በዚያ ትዕይንት ተሸለሙ። ለጋዜጣ ሲናገሩም ሐሳቡ ባቡር ላይ ሳሉ እንደመጣላቸው ገለጹ። እህቴ ጋዜጣውን ቆርጠው መሳቢያ ውስጥ አስቀመጡት።

ከዚያ በኋላ ለአርባ ዓመት በመድረክና በቴሌቪዥን ቤት አከራይ፣ ነርስ፣ መነኩሲት ሆኑ፤ በወንጀል ድራማ አራት ጊዜ ሬሳ ያገኘችዋ ሴት እርሳቸው ነበሩ። ስማቸው መጨረሻ ላይ ያልፋል፤ አንብበን ሳንጨርስ። እውነተኛው መጨማደድ ሲመጣ ደግሞ የአሮጊት ቦታ ሁሉ ለቀድሞዎቹ ቆነጃጅት ሆነ። አቶ አርተርም በ1998 ቀደሟቸው።

ባለፈው ጥቅምት ስትሮክ ድምፃቸውን ወሰደው። ከንፈራቸው ሲንቀሳቀስ ነርሶቹ የጠማቸው መስሏቸው ውኃ ያመጡ ነበር። የማነበው እኔ ብቻ ነበርኩ። ሊያርፉ ሦስት ቀን ሲቀራቸው እንዲህ አሉኝ፦ «ቬሮኒካ ከመጣች ከኋላ አስቀምጫት። ከፊት ሆና ካለቀሰች ሰው የሚያየው እሷን ነው።»

ኅዳር 14 ቀን 2019 በሰማንያ ሦስት ዓመታቸው ዐረፉ። ልጃቸው ኪት፣ ሁለት የልጅ ልጆቻቸውና እኔ ቀርተናል። ወይዘሮ ቬሮኒካ ስታንዲሽም በዚህ ዕድሜያቸው ደክመው ስለመጡ እናመሰግናለን። ስምንተኛው ረድፍ ላይ ያስቀመጥኋቸው እኔ ነኝ፤ የሟች ቃል ነው።

ዛሬ ሁላችሁም እህቴን እዩልኝ። ድምፅ የሌለውን ቃል የሚሰማ አምላክም በሩን አይቆልፍባቸው።