ገመዱ ታፔላ አያነብም

ለክቡር የገንዘብ ሚኒስትር፣
ሰባተኛ ፎቅ፣ በደረጃ።

ክቡር ሆይ፣ ጤናዎ እንደምን ሰነበተ? ትንፋሽዎስ? ጉልበትዎስ? አሳንሰሩ ከአራተኛና ከአምስተኛ ፎቅ መካከል ተገትሮ ከቀረ ወዲህ በየጠዋቱ መቶ አርባ ሁለት ደረጃ በእግርዎ እንደሚወጡ ስለ ሰማሁ፣ ከሁሉ አስቀድሜ የምጠይቀው ስለ ጉልበትዎ ነው። የእኔን ጤና ለመጠየቅ ጊዜ አይኖርዎትምና ራሴው ልንገርዎ፤ ደህና ነኝ፣ ደክሞኛል እንጂ።

እኔ በሕንጻዎ ውስጥ ሠላሳ ሦስት ዓመት አሳንሰር ያንቀሳቀስኩ ሰው ነኝ። ስወጣ ስወርድ ኖሬ የትም አልደረስኩም። ስሜን ባያውቁት አልቀየምዎትም፤ በእነዚህ ዓመታት ሁሉ ከአፍዎ የሰማሁት ቃል “ሰባት” የሚል ብቻ ነው፣ ጀማሪ ባለሙያ ሳሉ ደግሞ “ሁለት” ይሉኝ ነበር። ከሁለት እስከ ሰባት ያደረስኩዎት እኔ ነኝ ብል ግን እንደ ድፍረት አይቁጠሩብኝ።

ፊደል አልቆጠርኩም። ቁጥር አውቃለሁ፤ ቁጥር ያላወቀ አሳንሰር አይዝም። ይህን ደብዳቤ የምትጽፍልኝ ፍርድ ቤት ሃያ ዓመት ታይፕ ስትመታ ኖራ ጡረታ የወጣች ጎረቤቴ ናት፤ እኔ የምለውን ትጽፋለች፣ ስድቡን እያወጣች “ክቡር” ታስገባበታለች። ስለዚህ “ክቡር” የሚለውን በሚያገኙበት ቦታ ሁሉ መጀመሪያ ሌላ ነገር እንደነበረ ይወቁልኝ።

ጉዳዬ አጭር ነው። የሕንጻው አስተዳደር ወረቀት ልኮልኛል። አሳንሰሩ የተበላሸው “በሠራተኛው ቸልተኝነት” መሆኑን አምኜ እስከ ዓርብ የአውራ ጣቴን አሻራ እንዳሳርፍበት፣ ይህን ካላደረግኩ የጡረታ ፋይሌ እንደማያልቅ ይገልጻል። ጎረቤቴ ሁለት ጊዜ አነበበችልኝ። “ቸልተኝነት” የምትለዋን ሦስተኛ ጊዜ እንድትደግምልኝ ስጠይቃት መነጽሯን አውልቃ ወረቀቱን መለሰችልኝ። አህያውን ፈርቶ ዳውላውን ይሏል፣ ይኸው ነው። እንግዲህ አሻራዬን ከማሳረፌ በፊት ቅሬታዬን በትሕትና አቀርባለሁ፤ ግልጽ ደብዳቤ ያደረግኩትም እርስዎ ዘንድ የሚገባ ወረቀት ሁሉ የሚያልፈው በዚያው አስተዳደር እጅ ስለሆነ ነው።

አንደኛ፤ ስለ ደወሉ። አሳንሰሩ ውስጥ ስምንት ሰው፣ ስድስት መቶ ኪሎ የሚል ታፔላ ነበር። ከዚያ ሲያልፍ ደወል ይጮኻል፣ በሩም አልዘጋም ይላል። ደወሉ ሚኒስትርና ዘበኛ አይለይም ነበርና ጥፋቱ ይህ ሳይሆን አልቀረም። ከሁለት ወር በፊት “ድምፁ የከፍተኛ ኃላፊዎችን ውይይት ይረብሻል” የሚል ትእዛዝ ከቢሮዎ ወጣ፤ ሽቦ እያልን የምንጠራው የጥገና ሠራተኛ መሰላሉን ተሸክሞ መጣና “አባባ እኔን አይዩኝ፣ ታዝዤ ነው” ብሎኝ ቆረጠው። ከዚያን ቀን ጀምሮ በሩም መቁጠሩን ተወ። በማግስቱ ስምንት የሚለው ታፔላ ተነቅሎ አሥራ ሁለት የሚል ተለጠፈ። ነሐስ ነው፣ ያብረቀርቃል፤ ስለ ውበቱ አመሰግናለሁ። ገመዱ ግን ያው የድሮው ገመድ ነው፤ እሱም እንደ እኔ ፊደል አልቆጠረም፣ ታፔላ ቢቀይሩለት አይገባውም።

ሁለተኛ፤ ስለዚያ ቀን። ጠዋት አራት ሰዓት ላይ አሥር ሰው አስከትለው መጡ። ሻይ የምታቀርበው እህታችን ሁለት ፔርሙስ ይዛ ቀድማ ገብታ ነበር፤ ለበሩ የቀረበችው እሷ ስለሆነች አማካሪዎ “እናቴ፣ አንቺ በኋላ ትመጫለሽ” ብለው አስወረዷት። ከእርሷ የሚከብድ ሰው አልነበረም እያልኩ አይደለም፣ ከእርሷ የሚቀልል ሰው አልነበረም እያልኩ ነው። በእሷ ቦታ አራት ካርቶን ሙሉ ፋይል ገባ። “ይሄስ?” ብዬ ብጠይቅ አማካሪዎ “ፋይል ሰው አይደለም፣ አይቆጠርም” አሉኝ። ገመዱ ሠላሳ ሦስት ዓመት ሙሉ የቆጠረው ኪሎ እንጂ ሰው እንዳልሆነ ልነግራቸው አስቤ ተውኩት።

እኔ ግን ተናግሬአለሁ። “ክቡር ሚኒስትር፣ አራት ሰው ይውረድልኝ፣ ፋይሉም ይውረድልኝ” ብያለሁ። እርስዎም በትሕትና “አባባ፣ ታፔላውን ያንብቡት” አሉኝ። ከኋላዎ የቆሙት ሳቁ። ማንበብ እንደማልችል የሚያውቀውም ሳቀ፣ የማያውቀውም ሳቀ። እኔም አብሬ ሳቅሁና ቁልፉን ተጫንኩ።

የቀረውን አብረን አይተነዋል። አራተኛውን አልፈን አንድ ነገር ከበላያችን ጓ አለ፣ መብራቱ ጠፋ፣ አሥራ ሁለታችን እንደ ክብሪት እንጨት ተጣብቀን ሦስት ሰዓት ቆምን። እህታችን በእግሯ ወጥታ፣ ሻዩን ሰባተኛ ፎቅ ላይ ለባዶ ወንበሮች ቀድታ፣ ጩኸታችንን ሰምታ ወረደች፤ በበሩ ስንጥቅ “ክቡራን፣ ሻዩ እየቀዘቀዘ ነው” ያለችውን መቼም አይረሱትም። ሽቦን ፈልጋ ያመጣችልንም እሷው ናት። ስለዚህ ምስጋናው ለእሷ ይድረስ፤ በደብዳቤ አልደረሳትምና።

ሦስተኛ፤ በዚያ ጨለማ ውስጥ ስለ ሰማሁት። መስማት አልፈለግሁም፤ ነገር ግን የአማካሪዎ አገጭ ትከሻዬ ላይ ነበር። የምትሄዱት የዕዳ ጣሪያውን ሕግ ለመቀየር ኖሯል። ይህን ሕግ እኔ ከወጣበት ቀን ጀምሮ አውቀዋለሁ፣ አሳንሰር ውስጥ የማይወራ የለም፤ አገር በዓመት መቶ ካፈራች ዕዳዋ ከስልሳ አይበልጥም ይል ነበር። ከዚያ ስልሳ አምስት ሆነ፣ ከዚያ ሰባ፣ ከዚያ ሰባ አምስት፤ አሁን ደግሞ ለአራተኛ ጊዜ ሰማንያ አምስት ሊሆን ነው። የመንግሥት ድርጅቶች የተበደሩት “ከቁጥር አይገባም” ሲባል ሰማሁ፤ ያኔ እግሬ ላይ የተጫነኝን ካርቶን አሰብኩ። በሁለተኛ ፎቅ ጥግ ሦስት ሰዎች የሚሠሩበት ትንሽ ቢሮ፣ መንግሥት ከጣሪያው ሲያልፍ ለሕዝብ የሚናገረው፣ ከእንግዲህ ለእርስዎ ብቻ በምስጢር እንዲያሳውቅ በረቂቁ ተጽፏል አሉ። ደወሉ በእርስዎ ኪስ ውስጥ ይጮኻል ማለት ነው። ኪስዎ ወፍራም ጨርቅ ስለሆነ ውይይት አይረብሽም።

ያልተማረ ሽማግሌ ስለዚህ ነገር ምን ያውቃል እንደሚሉ አውቃለሁ። የማውቀው አሳንሰር ነው። ስምንት ሰው የሚል ደንብ የተጻፈው ሰውን ለማመላለስ ነው እንጂ ለማስቀረት አይደለም፤ ዛሬ ዘጠነኛውን ያስቀረሁት ነገ ስምንቱን ለማውጣት ነው። ደንብ የሌለው አሳንሰር አንድ ቀን ሃያ ሰው ይጭናል፣ ከዚያ በኋላ ማንንም አይጭንም። የሚያበድሩንም ቢሆኑ እንደ ማንኛውም ተሳፋሪ ናቸው፤ ደወሉ እንደሚሠራ ሲያውቁ ተረጋግተው ይገባሉ፣ ተቆርጦ ካዩት ግን ዋጋ ይጨምራሉ ወይ በደረጃ ይሄዳሉ። ከሚሰበሰበው ግብር ከአሥር እጅ ሦስቱ ወለድ እየሆነ እንደሚሄድ የነገሩኝ የእርስዎ ሰዎች ናቸው፤ ለእኔ አይደለም የነገሩኝ፣ እርስ በርሳቸው ሲያወሩ ነው።

“ክፉ ቀን ቢመጣስ?” ይሉኝ ይሆናል። መጥቷል እኮ። የመዝገብ ቤቱ ጸሐፊ ስድስተኛ ፎቅ ላይ ወድቆ ራሱን የሳተ ቀን፣ ከእነቃሬዛው አሥር ሰው አሳፍሬአለሁ። በሩ እንዲዘጋ መፍቻውን ራሴ ይዤ፣ ደወሉ ከስድስት እስከ ምድር ቤት እየጮኸ ወረድን። ማንም አላጠፋውም፤ ሕንጻው ሁሉ ሰምቶ መንገድ ለቀቀልን። በሽተኛው እንደወጣ አሳንሰሩን አስፈተሽኩ፣ ሁለት ቀን ከአራት ሰው በላይ አልጫንኩም። ጸሐፊው ዛሬም ሰላምታ ይሰጠኛል። ደንብ ማለት ይህ ነው፤ ሲያልፉት እየጮኸ ያልፋሉ፣ ምክንያቱን ሁሉም ያየዋል፣ መመለሻውም አስቀድሞ ይታወቃል። እርስዎ ግን የታመመ ሳይኖር ደወሉን ቆረጡት።

ከእርስዎ ብዙ ዓመት ቀድመው የነበሩት ሴት ሚኒስትር፣ ነፍሳቸውን ይማር፣ በጎርፉ ዓመት እንዲህ አደረጉ። ዘንድሮ ጣሪያውን እናልፋለን፣ ምክንያቱ ይኸው ነው፣ በአራት ዓመት እንመለሳለን ብለው በሬዲዮ ተናገሩ፤ በአምስት ዓመት ተመለሱ። ስለ አንዷ ዓመት ይቅርታ ጠየቁ። እኚያ ሴትዮ አንድ ቀን ዘጠነኛ ሆነው ገብተው ደወሉ ሲጮህባቸው ቦርሳቸውን አንስተው ወረዱና በደረጃ ሄዱ። እኔም ልጅ ሆኜ ነው መሰለኝ፣ አለቃ ማለት ሁሉ እንዲህ ያለ ይመስለኝ ነበር።

አራተኛውን ቅሬታ ጎረቤቴ አልጽፍም ብላለች። “በዚህ ዕድሜዬ ምስክር ሆኜ አልቀርብም” ነው የምትለው። ስለዚህ አራተኛው እንዳለ ይቁጠሩት።

አምስተኛ፤ ስለ ጥገናው። ጣሪያው እንዳይነካ ቁጠባ ያስፈልጋል ተብሎ የአሳንሰሩ ጥገና ውል ባለፈው ዓመት ተሰረዘ፣ ጽዳት ሠራተኞችም በግማሽ ተቀነሱ። አዳራሹ ግን አዲስ ወንበር ገባለት፣ ተሸክሜ ያወጣሁት እኔ ነኝ። ቁጠባን አልጠላም፤ ቤቴን በቁጠባ ነው ያኖርኩት። ነገር ግን የሚወርደው ሁልጊዜ ለበሩ የቀረበው ሰው፣ የሚቀነሰው ሁልጊዜ የገመዱ ቅባት ከሆነ፣ ይህ ደንቡን ማክበር ሳይሆን በደንቡ ማሳበብ ነው። ሳይቃጠል በቅጠል ይባል ነበር፤ እኛ ቅጠሉን ቀነስነው።

ክቡር ሆይ፣ ቅሬታዬ ይኸው ነው። አሁን ወደ ወረቀቱ ልመለስ፣ ዓርብ ሩቅ አይደለም።

ቸልተኛ አልነበርኩም። ቆጥሬአለሁ፣ ተናግሬአለሁ። ይልቅ ሌላ ጥፋት አለብኝ፣ እሱን ማንም አልጻፈብኝም፤ ሲሳቅብኝ አብሬ ስቄ ቁልፉን መጫኔ ነው። እጄን ከቁልፉ ላይ አንስቼ “አይሄድም” ማለት ይገባኝ ነበር፤ ሠላሳ ሦስት ዓመት የተቀጠርኩት ለዚያች አንዲት ቃል ነበርና። ባለቤቴ ስነግራት “ምን ታደርግ ነበር፣ ሚኒስትር ናቸው” አለችኝ። ላጽናናት ብዬ እሺ አልኳት እንጂ እኔን አላጽናናኝም። ሐሙስ ረቂቅዎ ድምፅ ሲሰጥበት በአዳራሹ ውስጥ ታፔላውን አንብቡት የሚባሉና የሚስቁ ብዙ ሰዎች እንደሚኖሩ አውቃለሁ፤ እነሱ ማንበብ የሚችሉ ናቸው። ከመካከላቸው አንዱ እጁን ከቁልፉ ላይ ቢያነሳ፣ እኔ ያላደረግኩትን አደረገልኝ እላለሁ።

ስለዚህ በአስተዳደሩ ወረቀት ላይ አሻራዬን አላሳርፍም። ፋይሌም ካላለቀ አይለቅ፤ ፋይል ሰው አይደለም ተብያለሁ። ጥፋቴን ከእነልኩ የያዘው ወረቀት ይህ ደብዳቤ ነውና፣ ጎረቤቴ ቀለሙን አዘጋጅታ አጠገቤ ቆማለች፣ ጣቴን የማኖረው እዚህ ላይ ነው።

ስለ ነሐሱ ታፔላ፣ ስለ ጨለማው ሦስት ሰዓት፣ “አባባ” ስላሉኝም እጅ ነሥቼ፣ ጉልበትዎ ይበረታ ዘንድ እየተመኘሁ፣ ከምድር ቤት እስከ ሰባተኛ ፎቅ በሚዘልቅ አክብሮት፣

ከሁለት ወደ ሰባት ያወጣዎት፣
የቀድሞው የአሳንሰር ሠራተኛ
(የቀኝ አውራ ጣት አሻራ)

ካተምኩ በኋላ የታወሰኝ፤ ሽቦ ያን ቀን የቆረጠውን ደወል አልጣለውም፣ በጨርቅ ጠቅልሎ ለእኔ ሰጥቶኛል። በባትሪ ድንጋይ ሞክረነው ጎረቤቴ ከወንበሯ እስክትነሳ ድረስ ጮኋል። ሐሙስ ጠዋት ሻይ አቅራቢዋ እህታችን ከፔርሙሶቿ ጋር በደረጃ ይዛው ወጥታ ከፊትዎ ጠረጴዛ ላይ ታስቀምጥልዎታለች፤ ከእርስዎ ቀድማ እንደምትደርስ አልጠራጠርም። ሊያስቆርጡት ቢያስቡ ግን አይልፉ፤ አሁን ከቢሮዎ የሚመጣ ሽቦ የለውም።