ለመኪና ማቆሚያው ደልዳላነት የቀረበ ምስጋና

ደባርቅ፣ ግንቦት ፳ ቀን ፲፱፻፷፬ ዓ.ም.

ለክቡር አቶ ላቀው ሰጠኝ፣
የአለቃ ሀብተ ሚካኤል ቤትና የአትክልት ቦታ አስጎብኚ ጽሕፈት ቤት ኃላፊ፤

ክቡር ሆይ፣ ከሁሉ አስቀድሜ የክቡርነትዎን ጤና፣ ቀኑን ሙሉ ወንበር ላይ የሚውለውን የወገብዎን ደኅንነት፣ የቤተሰብዎንና በጽሕፈት ቤትዎ ደጅ ታስራ የማያትን የበቅሎዎን ሰላም በትሕትና እጠይቃለሁ። እኛ፣ ብርዱ ካልሆነ በቀር፣ ለክቡርነትዎ ምስጋና ለመጻፍ የሚያበቃ ጤና አላጣንም።

እኔ ድንቅነሽ ታገኘ እባላለሁ፤ የእህል ነጋዴው የአቶ ሽበሺ ባለቤት ነኝ። ጎንደር እስከ አሥረኛ ክፍል ተምሬአለሁና በሴቶች ማኅበራችን ውስጥ የሚጻፍ ነገር በተገኘ ቁጥር ዓይን ሁሉ ወደ እኔ ይዞራል። በዚህ ወር በ፲፪ ቀን የማኅበራችን አሥራ ሁለት ሴቶች ጽሕፈት ቤትዎ ባዘጋጀው የግማሽ ቀን ጉብኝት ወደ ዳባት ወርደን፣ በሞቱ በዘጠኝ ዓመታቸው ስማቸው ከአገር አልፎ ለፈረንጅ የደረሰውን የሠዓሊውን የአለቃ ሀብተ ሚካኤልን ቤትና አትክልት አይተን ተመልሰናል። ደስታዬ ከልክ ያለፈ ስለሆነ ምስጋናዬን በፖስታ አሽጌ ለክቡርነትዎ ብቻ መላኩ ስስት መሰለኝ። ስለዚህ ያገሬ ሰው ሁሉ እንዲካፈለው በገበያው መግቢያ ግድግዳ ላይ ለጥፌዋለሁ። ባለቤቴ «ተይ ድንቅዬ፣ ኋላ ጣጣ አለው» ብሎኝ ነበር፤ እኔ ግን ውለታ ተውጦ አይቀርም ብዬ ነው።

፩ኛ፤ ስለ መኪናው አመሰግናለሁ። ከጧቱ በሁለት ሰዓት እንድንገኝ ታዘን በሁለት ሰዓት ተገኘን፤ ላንድሮቨሩ ግን አራት ሰዓት ተኩል ላይ መጣ። ግማሽ ቀን ማለት ምን ማለት እንደሆነ እስከ ዛሬ ሳላውቅ ኖሬአለሁ፤ ለካ መንገድ ዳር ቆሞ መጠበቁም አብሮ የሚቈጠር ኖሯል። አሥራ ሁለታችንም በአንዲት መኪና ስለ ተጫንን አንዳችን ከአንዳችን ተለይተን እንዳንጠፋ የተደረገው ጥንቃቄ የሚያስደንቅ ነው። ወይዘሮ ጤናዬ እስከ ዳባት ድረስ ጭኔ ላይ ነበሩ፤ እንዲህ ተቀራርበን አናውቅም።

፪ኛ፤ ስለ አስጎብኚያችሁ ስለ ዋሴ አመሰግናለሁ። ሲናገር የማይሰለች፣ በትሩን ይዞ ግድግዳ ለግድግዳ የሚሮጥ ጎበዝ ነው። አለቃ በእልፍኛቸው ግድግዳ ላይ የሳሉትን የጸሎተ ሐሙስን ማዕድ እያሳየን፣ ከሐዋርያት መካከል አንዱን፣ ፊቱን ወደ ጎን መልሶ ባንድ ዓይኑ ብቻ የሚያየውን፣ በበትሩ ነካ አድርጎ «እነሆ አለቃ ራሳቸውን የሳሉት እዚህ ላይ ነው» አለን። ክቡር ሆይ፣ በእኛ አገር ቅዱስ በሁለት ዓይኑ፣ ከሐዲ ባንድ ዓይኑ እንደሚሳል ቤተ ክርስቲያን ደጅ ላይ የሚያለቅስ ሕፃን ሳይቀር ያውቃል። ወይዘሮ ጤናዬ አልቻሉም፤ «አንተ ልጅ፣ ይሁዳ እኮ ነው! ከረጢቱን አታይም?» አሉት። ዋሴም ሳይደነግጥ «እትዬ፣ ጥያቄ በመጨረሻ ነው» አላቸው። ሳቃችን ዳባት ገበያ ድረስ የተሰማ ይመስለኛል። ፈረንጆቹም እስከ ዛሬ ስንት ጊዜ ይሁዳን «አለቃ» እያሉ ፎቶግራፍ አንሥተው ሄደው ይሆን?

የዚያን ቀን የሳቅነው እስከዚህ ድረስ ነው።

፫ኛ፤ ስለ ቤቱ አያያዝ አመሰግናለሁ። የአለቃ የጠፍር አልጋ ተወልውሎ፣ ነጭ ሻሽ ለብሶ፣ «አይነካም» የሚል ወረቀት ተሰክቶበት አየነው። ከዚያ ወደ ወጥ ቤቱ ወሰዱን። አንዲት ቆብ ያጠለቁ አሮጊት መሬት ላይ ተቀምጠው በድንጋይ ቀይ አፈር ይፈጫሉ። ከኋላቸው አንድ ቁርበት ተጠቅልሎ ቆሟል፤ መኝታቸው ነው። ዋሴ በበትሩ አመለከተና «ይቺ ደግሞ የአለቃ የድሮ አገልጋይ ናት፤ ቀለም እንዴት ይፈጭ እንደነበር ታሳያችኋለች፤ ፎቶግራፍ ይፈቀዳል» አለ።

ክቡር ሆይ፣ እናቴ የዳባት ሰው ነበረች። እኔ በልጅነቴ አለቃ ከመሰላል ላይ ሆነው የቤተ ክርስቲያኑን ግድግዳ ሲሥሉ ሥር ቆሜ አይቻለሁ። ሰማያዊው ቀለም ሲያልቅባቸው ወደ ታች ጎንበስ ብለው «ያለሜ፣ ሰማዩ አለቀብኝ» ይሉ ነበር። ያለሜ የሚሏቸው ሚስታቸው ወይዘሮ ያለምወርቅ ናቸው፤ ሰማዩን በጥብጠው፣ በእንቁላል አስኳል አዋህደው የሚያቀብሉት እሳቸው ነበሩ። አርባ አንድ ዓመት በቁርባን አብረው ኖረዋል። ጽሕፈት ቤትዎ አገልጋይ አድርጎ በወጥ ቤት ያስቀመጣቸው እኒህኑ ወይዘሮ ያለምወርቅን ነው።

ሌሎቹ ወደ አትክልቱ ሲወጡ እኔ ቀረት አልሁና ከአጠገባቸው ቁጭ ብዬ፣ የማን ልጅ እንደሆንሁ ከነገርኋቸው በኋላ፣ «እትዬ ያለም፣ ምነው ሚስቱ ነኝ አይሏቸውም?» አልኋቸው። መፍጨቱን ሳያቋርጡ ቀስ ብለው መለሱልኝ፤ «ልጄ፣ ሚስት ነኝ ካልሁ የቤቱ ጌታ እኔ ልሆን ነዋ። ያኔ ወረቀት አምጪ ይሉኛል፤ ወረቀት የለኝም፤ ያስወጡኛል። አገልጋይ ከሆንሁ ግን ለማሳያ ያስቀምጡኛል። እኔ ከዚህ ግቢ መራቅ አልችልም፤ ልጆቼ እዚህ ናቸው» አሉኝ።

፬ኛ፤ ስለ አትክልቱ አመሰግናለሁ፤ ዋናው ምስጋናዬም ይኸው ነው። ጠጠር የፈሰሰበት መንገድ፣ በድንጋይ የተከበበ አበባ፣ ከወይራው ሥር ደግሞ አረንጓዴ የተቀባ አግዳሚ ወንበር። ተራ በተራ ተቀምጠንበታል፤ ምቹ ነው። ዱሮ በዚያ ቦታ ሦስት ጠፍጣፋ ድንጋዮች ነበሩ።

አለቃና ወይዘሮ ያለምወርቅ ሦስት ልጆች ወልደው ሦስቱም ክርስትና ሳይነሡ ሞተውባቸዋል። ወንድ በአርባ ቀኑ፣ ሴት በሰማንያ ቀኗ ካልተጠመቁ በቤተ ክርስቲያን ቅጥር እንደማይቀበሩ ክቡርነትዎም የክርስቲያን ልጅ ነዎትና ያውቁታል። አለቃ ስንቱን ቤተ ክርስቲያን አስጊጠው ለገዛ ልጆቻቸው አንድ ክንድ መሬት ከቅጥሩ ውስጥ አላገኙም። ስለዚህ ከወይራው ሥር አሳረፏቸው፤ በየላያቸውም ከወንዝ ጠፍጣፋ ድንጋይ አምጥተው አኖሩ። ጥምቀት በመጣ ቁጥር፣ ታቦቱ ሲገባ፣ ከባሕረ ጥምቀቱ ውኃ በቅል ቀድተው ወደ ቤት ያመጡና በሦስቱ ድንጋዮች ላይ ያፈሱ ነበር። ቄሱም አይተው እንዳላዩ ያልፉ ነበር ይላሉ። አለቃ ከሞቱ ወዲህ ውኃውን የሚያመጡት ወይዘሮ ያለምወርቅ ናቸው።

ባለፈው ኅዳር ወር ግን፣ የአትክልቱ ሥራ ሲሠራ፣ ጽሕፈት ቤትዎ ስለ ጤናቸው አስቦ ሦስት ሳምንት ወደ ዘመድ ቤት ሸኛቸው። ሲመለሱ አግዳሚውን አገኙ። በጥር፣ በጥምቀት ማግሥት፣ ቅላቸውን ይዘው ሄዱና ልጆቹ ከሥር አሉ ብለው በአግዳሚው እግሮች መካከል አፈሰሱ። ዘበኛው መንገዱን አጨቀየሽ ብሎ አባረራቸው። መንገዱ በእርግጥ ጨቅይቶ ነበር፤ ዘበኛው ሥራውን የሚያውቅ ሰው ነው።

እስከዚህ ድረስ እሳቸው ናቸው የነገሩኝ። የሚቀጥለውን ያገኘሁት ከአትክልተኛው ከውዱ ነው። ድንጋዮቹ የት እንደደረሱ ስጠይቀው በኩራት ነበር የመለሰልኝ፤ «ድንጋዩን ሰብረን ለአበባው ዙሪያ አደረግነው። መሬቱ እብጥ ያለ ስለነበር ግን ለአግዳሚው አልመች አለን፤ እስከ ጉልበት ቆፍረን አወጣነው።» አፈሩንስ? «አፈሩንማ በባሬላ ወስደን ከውጭ ያለውን የመኪና ማቆሚያ ደለደልንበት፤ ጎድጓዳ ነበር እኮ!» አፈሩ ውስጥ ያየኸው ነገር አልነበረም ወይ አልሁት። «ምንም፤ የዶሮ አጥንት የምታህል ነገር ብቻ። የበዓል ትራፊ መስሎኝ» አለኝ። ከዚያም ፊቴን አይቶ፣ እሱም የልጆች አባት ነውና፣ ባርኔጣውን አወለቀ። ውዱን እንዳይቆጡት እለምናለሁ፤ ቆፍር ያሉትን ነው የቆፈረ።

ክቡር ሆይ፣ እኔ ብዙ የምናገር ሴት ነኝ፤ ይህን ግን እንዴት ብዬ እንደምናገር ጠፍቶብኝ ከወጥ ቤቱ በር ላይ ቆሜ ቀረሁ። ዝም ብዬ ብሄድ በሚመጣው ጥምቀት እኒያ ሴት ውኃቸውን ባዶ መሬት ላይ ሊያፈሱ ነው። ስለዚህ ነገርኋቸው። መፍጨታቸውን አቆሙ። «እንግዲያ የዘንድሮው አልደረሳቸውም» አሉ። እጃቸውን በነጠላቸው ሳይጠርጉ ተነሥተው፣ ከግቢው ወጥተው፣ ማቆሚያው ዳር ሲደርሱ የላስቲክ ጫማቸውን አወለቁ። ከዚያ በባዶ እግራቸው፣ ዓይናቸውን መሬቱ ላይ ተክለው፣ ከዳር እስከ ዳር ይመላለሱ ጀመር።

የመመለሻ ሰዓታችን ስለ ደረሰ ሾፌሩ ጡሩንባውን ነፋ። ዋሴም «አሮጊቷ፣ ገለል በይ እንጂ፣ መኪናው ይዙርበት!» አለ። እሳቸው ግን ሳይቆጡ፣ ጎረቤት እንደሚያናግሩ ሆነው፣ «ትንሽ ታገሠኝ ልጄ፤ ሦስት ናቸው፤ ገና አንዳቸውም የት እንዳሉ አላገኘሁ» አሉት።

ዋሴ በትሩን ጣለ። በሩጫ ሄዶ ሾፌሩን ከጡሩንባው አስለቀቀው። ምስጋና ስጽፍ የሚገባውን ሰው ማለፍ የለብኝምና ይህን አንዱን ያለ ቅኔ ነው የጻፍሁት።

ከዚያም የተሳፈሩት ከመኪናው ወርደው አሥራ ሁለታችንም ጫማችንን አወለቅን። ላንድሮቨሩን በእጃችን ገፍተን ወደ መንገዱ አወጣነው፤ በዚህም ምክንያት ደባርቅ የገባነው ዘግይተን ነው፤ ስለ ነዳጁና ስለ ሰዓቱ ይቅርታ እጠይቃለሁ።

አሁን ወደ ትንሿ ልመናዬ ልምጣ። ክቡርነትዎ መኪናዎቹን ሌላ ቦታ እንዲያቆሙልን፤ ወይዘሮ ያለምወርቅንም ወረቀት ሳይጠይቁ ወደ ገዛ አልጋቸው እንዲመልሱልን እንለምናለን፤ «አይነካም» የሚለውን ጽሑፍ እሳቸው ላይ ቢለጥፉት ይሻላል። የፊታችን ቅዳሜ ጧት የማኅበራችን ሴቶች ዶማ፣ አካፋና ወንፊት ይዘን እንመጣለን። የማቆሚያውን አፈር በእጃችን እየነፋን ወደ ወይራው ሥር እንመልሳለን፤ ውዱም የት የት እንዳፈሰሰው ሊያሳየን ቃል ገብቷል። ለመቆፈር ፈቃድ ያሻል የተባለ እንደሆነ ማመልከቻውን እኔው በጥሩ የእጅ ጽሕፈት አዘጋጃለሁ፤ ቆፍረን ስንጨርስ ይደርስዎታል። አግዳሚውንም አንጥልም፤ ክቡርነትዎ ሊጎበኙን ቢመጡ የሚቀመጡበት እንዳያጡ ከወይራው ራቅ አድርገን እናኖረዋለን።

የበቅሎዎን ልጓም ለመያዝ የማልበቃ፣ ስለ ተደረገልን መስተንግዶ ግን ጉልበቴ እስኪዝል እጅ የምነሣ፣ ለሹመትዎ ከፍታን፣ ለእንቅልፍዎ ግን ያን ያህል ምቾት የማልመኝልዎ ታዛዥዎ፣

ድንቅነሽ ታገኘ

ግልባጭ፦
ለዳባትና ለደባርቅ ምእመናን ሁሉ፤
ማንበብ ለማይችል፣ በአጠገቡ ለቆመ አንባቢ።

ማሳሰቢያ፦ በበርዎ ላይ በተለጠፈው ደንብ ግርጌ «ከሰባት ዓመት በታች የሆኑ ሕፃናት ያለ ቲኬት ይገባሉ» የሚል አንብቤ ደግነታችሁን አድንቄአለሁ። ወንዱ የኖረው ሃያ አንድ ቀን፣ መካከለኛዋ አንድ ወር፣ ትንሿ ስድስት ቀን ነው። ቅዳሜ ይዘናቸው ስንመጣ ዘበኛው በሩ ላይ እንዳያቆማቸው አስቀድመው ይንገሩልን።