ከግንቡ ሥር የጠረግሁት ሸራ

ሮም፣ ሚያዝያ 12 ቀን 1972 ዓ.ም.



ሸራቸውን ይዘው ሜዳ ስለወጡት የፈረንሳይ ሠዓሊዎች ዕድሜዬን ሙሉ አስተማርሁ፤ እኔ ግን ክፍል ውስጥ ሆኜ ከፎቶግራፍ ነበር የምሥለው። አሁን ጡረታ ከወጣሁ በኋላ፣ እዚህ ቶር ፒኛታራ ሰፈር፣ ዝናብ ሲያባራ አሮጌው የውኃ መተላለፊያ ግንብ ላይ የሚያርፈውን ብርሃን ስጠብቅ ሰነበትሁ። ዛሬ መጣልኝ። ጥላውን ሐምራዊ አደረግሁት፤ ልክ ሆነ።

ወዲያው አንድ ፖሊስ ወደ እኔ ሲመጣ አየሁ። ሳላስበው በቀለም ማቅጠኛው በአኳራጅ የራሰውን ጨርቅ አንሥቼ ሸራውን ጠረግሁት። አዲስ አበባ ባልደረባዬ ድልድይ ሲሥል ተገኝቶ፣ «ለማን ነው የምትሥለው?» ተብሎ ተወሰደ፤ የት እንዳለ እስከ ዛሬ አልታወቀም።

ለትምህርት የመጡት ካህን አባ ወልዱ አጠገቤ ተቀምጠው ዳዊት ይደግሙ ነበር።

«ምን ነካዎት፣ መምህር?» አሉኝ ደንግጠው። ፖሊሱን በጣልያንኛ አነጋገሩትና ወደ እኔ ዞሩ። «እናቱ ሠዓሊ ነበረች። ሊያይ ነው የመጣው።»

«ሊይዘኝ መስሎኝ ነው።»

«ቢይዝዎትም እስኪጨርሱ ይጠብቅዎት ነበር፤ ጣልያን ለሥዕል ጊዜ አያጣም! አሎራ፣ እንግዲህ እንደገና ይጀምሩ፤ ፀሐይዋ አለች።»

እውነትም ነበረች። ብሩሹን አነሣሁ። ፖሊሱ ከኋላዬ ቆሞ ስለነበር አንድ መስመር እንኳ አልወጣልኝ አለ። እስኪሄድ ጠበቅሁት። እሱም እስክጀምር ጠበቀኝ።

ፀሐይዋ ሁለታችንንም አልጠበቀችም።