ተዝካሬን የበሉ ሰዎች

ጥር 13

ትናንት ሚካኤልን አነገሥን፤ ዛሬ ጉልበቴ አልታዘዝ አለኝ። ቁጭ ብዬ ጥጥ ስፈትል ዋልኩ። ጎረቤቴ የትነበርሽ መጥታ ሽሮዬን ቀመሰች። ጨው አንሶታል አለች። ሙሉውን በላች።

ወደ ማታ ባጃጅ መጣ። ሹፌሩ ከሰፈራችን በር ወዲህ አልገባም አለ። ሥጋ ደዌ በመድኃኒት መዳን ከጀመረ ስንት ዘመኑ… እሱ ግን ባጃጁን እንዳይዝበት ፈራ። አንድ ጎልማሳ ወረደ። ጫማው የሚያብረቀርቅ፣ እጁን የት እንደሚያስቀምጥ የጨነቀው። ክብረት እባላለሁ አለ። ጎንደር ፒያሳ የስልክ ሱቅ አለው።

"የበላቸው ልጅ ነኝ… የወንድምዎ።"

ስንት ዘመን ስጠብቀው የነበረ ነገር ነው። ሲመጣ ግን ሳቄ መጣ።

"እኔ እኮ ሞቻለሁ። አልነገሩህም?"

ነግረውታል። ፊቱ ላይ ያስታውቃል።

ጥር 14

እንቅልፍ እምቢ አለኝ። ክብረት የነገረኝ ይመላለስብኛል።

ልጅ ሳለሁ ነው። ገላዬ ላይ ነጣ ነጣ ያለ ነገር ወጣ፤ ሲቆነጥጡኝ አያመኝም። በላቸው በበቅሎ ጭኖ እዚህ አምጥቶ ጣለኝ። ትክል ድንጋይ ለሚባለው ለአገራችን ሰው፣ "ሳንጃ ቆላ ሰሊጥ አጨዳ ወርዳ በወባ ሞተች" አለ። ሊያገባ ነበራ! ቆማጣ እኅት ላለው ማን ልጁን ይሰጣል?

እስከዚህ አውቅ ነበር። ያላወቅሁት ተዝካሬን ማብላቱን ነው። ዳስ ተጥሎ፣ ጠላ ተጠምቆ፣ በሬ ታርዶ! እኔ እዚህ ንፍሮ ስቅም፣ አገሩ በስሜ ጠግቦ አደረ።

አሁን በላቸው ታሟል። ሊሞት ነው ይላሉ። ለነፍስ አባቱ ለአባ ፍቅረ ማርያም ተናዘዘ። እሳቸውም "በሕይወት ያለች እኅትህን ተዝካር አውጥተህ፣ እኔን ፍቱኝ ትላለህ? መጀመሪያ እሷ ይቅር ትበልህ" አሉት። ስለዚህ ሟቿ ትፈለግ ተባለ።

ደስ አለኝ? አዎ፣ ደስ አለኝ። ክፉ ነኝ መሰለኝ…

ጥር 16

የትነበርሽን አማከርኳት። "አትሂጂ" አለችኝ። ቆየት ብላ ደግሞ፣ "ከሄድሽ ግን ያንን አዲሱን ቀሚስ ልበሺ።"

አየለች ብትኖር ምን ትለኝ ነበር? እዚህ የተጣልኩ ዕለት እጄን ይዛ ቤቷ ያስገባችኝ እሷ ናት። ረዥም ሴት፣ ግራ እግሯን የምታነክስ። እንደ እናት አሳደገችኝ። አገሯ የት እንደሆነ ግን እስክትሞት አልተናገረችም። "ወንድ ልጅ ትቼ መጥቻለሁ። በእኔ እንዳይሰድቡት" ትል ነበር። ለበዓል ወጥ ስትሠራ ከሁሉ በፊት ለልጇ ቀንሳ፣ ከድና ታስቀምጣለች። "ምናልባት ቢመጣ…" አይመጣም። በማግስቱ እበላው የነበርኩት እኔ ነኝ። በሰው ልጅ ድርሻ ነው ያደግሁት።

ልማድ ሆኖብኝ እኔም ዛሬ ድረስ ከድኜ አስቀምጣለሁ። አሁን የምትበላው የትነበርሽ ናት።

ጥር 17

ክብረት መላ ይዞ መጣ። ሲያስብ ያደረ ነው የሚመስል።

"ከሱዳን መጣች እንላለን።"

"ጣቶቼስ?"

"የማኪና አደጋ።"

ለእያንዳንዷ ጣቴ አስቦላታል፣ አይ ልጅ! "መጀመሪያ በወባ ገደላችሁኝ፤ አሁን ደግሞ በማኪና ልትገጩኝ?" አልኩት። አቀረቀረ።

ቁርጡን ነገርኩት። እመጣለሁ። ይቅርም እላለሁ። ግን ተዝካሬን በበሉት ሰዎች ፊት፣ በላቸው በገዛ አፉ፣ "ሥጋ ደዌ ይዟት እኔ ነኝ የጣልኳት፤ አልሞተችም" ይበል። ሌላ የምፈልገው ነገር የለም። ወባም ሱዳንም አልቀበልም።

"እማዬ እኮ አታውቅም" አለ። እናቱ አስናቀች… እሷን ለማግባት ሲባል ነው እኮ የሞትኩት።

"እንግዲያው ትወቅ።"

ጥር 19

ሄድኩ። አዲሱን ቀሚስ ለብሼ።

በላቸው መደብ ላይ ተጋድሟል። ምን ምን እንደምለው ስንት ዓመት ሳዘጋጅ ኖሬ፣ ሳየው ሁሉም ጠፋኝ። ሽማግሌ ሆኗል። ሲያስል ቁርጥ አባታችንን።

"አባይ…" አለኝ። አባይነሽ ብሎ ጠርቶኝ አያውቅም፣ ድሮም አባይ ነው የሚለኝ። አላለቅስም ብዬ ነበር። አለቀስኩ። በራሴ ተናደድኩ።

ጎረቤታቸው አያ አለኸኝ በሽተኛ ሊጠይቁ ገቡ። ከሁላችንም ታላቅ ናቸው። ክብረት ፈጥኖ፣ "አክስቴ ናት። ለካ አልሞተችም፣ ሱዳን ነበረች" አለ። ሽማግሌው ፊቴን አዩ። ነጠላዬ ውስጥ የሸሸግሁትን እጄን አዩ። ተቀመጡ።

"ሱዳን ደህና ናት?"

"ደህና ናት።"

"ሸጋ። ተዝካርሽ እኮ ሸጋ ነበር! እንደዚያ ያለ ጠላ ከዚያ ወዲህ አልቀመስኩም።"

"ወጡስ?"

"ጨው በዝቶበት ነበር።"

ሞቼም ወጤ አልተሳካም።

እሳቸው ሲወጡ በላቸው የመጪው እሑድ ሰው እጠራለሁ አለኝ። "ትናገራለህ?" አልኩት። ዓይኑን ጨፈነ። እሺታ ነው እንቅልፍ?

ጥር 22

በላቸው ተሻለው አሉ። ዶሮ በላ አሉ። ይቅርታዬን ገና ሳልሰጠው! ሞትን ከረሳ እኔንም መርሳቱ ነው።

ጥር 26

ሳልተኛ ልጻፈው።

በላቸው ደጅ ዳስ ተጥሎ ሞልቷል። በላቸው ልጁን ተደግፎ ቆመ። ክብረት በጆሮው አንሾካሾከ።

"እኅቴ… ያቺ በወባ ሞተች ያልናት… ለካ ሱዳን…" ብሎ ጀመረ።

ነጠላዬን ገለጥኩና ሁለቱን እጆቼን ጠረጴዛው ላይ አወጣኋቸው። ደህና የቀሩት ሁለት ጣቶቼ፣ ሌላው ጉማጅ። አየኝ። የክብረትን ትከሻ ለቀቀ።

"ሱዳን አይደለም" አለ። "ሥጋ ደዌ ይዟት እኔ ነኝ ጎንደር ወስጄ የጣልኳት። አልሞተችም። ዋሽቻችሁ ነው ያበላኋችሁ።"

አስናቀች ወጥ እየጨለፈች ነበር። ቀና እንኳ ሳትል፣ "አውቅ ነበር" አለች። "አባቴ ነግሮኛል። ሞተች ከተባለ ምን ቸገረን ብሎ ዳረኝ።"

አያ አለኸኝ ሳቁ። "ይኸንን ማን አጣው? ከዚህ አገር ስንቱ ነው በሳንጃ ወባ የሞተው! ሳንጃን በዓይኑ ያላየ ሁሉ በሳንጃ ወባ ሞቷል።" ሌሎችም ሳቁ።

ደሜ ፈላ። እኔ የዋሸው በላቸው ብቻ ነው ብዬ እሱን ስረግም ኖርኩ። ለካ የተታለለ ሰው የለም! እያወቁ ነው የበሉኝ። ጠላውን እያመሰገኑ!

"ካወቃችሁ ምነው አንድ ሰው እንኳ ሳይጠይቀኝ?" ብዬ ጮህኩ። "ጎንደር እኮ ነኝ! ገበያ ትመላለሱ የለም?"

ሳቁ ተቋረጠ። በላቸውን ግንባሩን ስሜ ይቅር አልኩት፤ ቃሉን ጠብቋል። የቀሩትን አላልኩም። አልጠየቁኝማ።

ልወጣ ስል አንዲት ሴት ነጠላዬን ያዘችኝ። ቀስ ብላ፣ "እዚያ… ወንዴ የሚባል ነበር? አጎቴ ነው። ሳንጃ ነው የሞተው ብለውን…"

"ነበር። ማኅሌት ሲቆም ድምፁ ከሁሉ በላይ ይሰማ ነበር።"

አፏን በነጠላዋ ያዘች። ከኋላዋ ሌላ መጣ። ከዚያ ሌላ። ሁሉም በሹክሹክታ። የሁሉም ቤት የሳንጃ ሟች አለው።

አያ አለኸኝ እስከ ባጃጁ ሸኙኝ። ሳቃቸው የለም።

"እንዲያው… እኔ ልጅ ነበርኩ። ሳንጃ ወረደች አሉኝ… ረዘም ያለች፣ ግራ እግሯን የምታነክስ። አየለች የምትባል…"

የአየለች ልጅ! ስንት ዓመት ድርሻውን የበላሁበት ልጅ፣ ሽበታም ሆኖ ፊቴ ቆሟል።

"እሑድ ና" አልኩት። አንቱታው ከአፌ ጠፋ። ለእኔ ያ ልጅ ነው።

የካቲት 3

ዛሬ ባጃጁ በሩን አልፎ ገባ። በላቸው ነው ሹፌሩን "ግባ!" ብሎ የጮኸበት። ድኗል፤ ጩኸቱ ተመልሷል። ከኋላው ሚኒባስ ሙሉ የአገሬ ሰው። የየሟቻቸውን መቃብር አሳየኋቸው። ወንዴ እዚህ፣ ያችኛዋ እዚያ… ይቅርታ የጠየቀኝ አለ፤ መሬት መሬት እያየ ያለፈኝም አለ። ለጠየቀኝ ሰጠሁ።

አያ አለኸኝ የአየለችን መቃብር ካቀፈ የሚነሳ አልመሰለኝም። ልብሱን አራግፌ ወደ ቤት አስገባሁት። በላቸውም ገብቶ አጠገቤ ተቀመጠ፤ ከእኔ ጋር አንድ ትሪ ላይ በላ። አያ አለኸኝ ግን አልበላም አለ።

ያንን የተከደነውን አምጥቼ ፊቱ አስቀመጥኩለት። የትነበርሽ አየችኝ። ድርሻዋ ነው፤ ግን ትንፍሽ አላለችም።

"ይቺ ያንተ ናት" አልኩት። "እናትህ በየበዓሉ ስታስቀምጥልህ ኖራለች። እሷ ስትሞት እኔ ቀጠልኩ።"

ወጡን አየው። እጁን አልዘረጋም። በሁለቱ ጣቶቼ ጠቅልዬ አጎረስኩት። እንባው ጺሙ ላይ ወረደ። የእኔም።

"ወጡስ?" አልኩት፣ ሲሻለው።

"ጨው አንሶታል" አለኝ።

ሙሉውን በላ።