እምቢ ያለችውን ልጅ ለዳሩልኝ የቴሌቪዥን ሥራ አስኪያጅ

ለተከበሩ አቶ ዳኛቸው ወልደሰንበት
በስደት በምንኖርባት በማሪዬታ ከተማ የማኅበረሰባችን ቴሌቪዥን ሥራ አስኪያጅ

ጤናዎ እንደ ድፍረትዎ የበረታ፣ እንቅልፍዎም እንደ ሕሊናዎ ጸጥ ያለ እንዲሆን እየተመኘሁ ይህን ደብዳቤ በአደባባይ እጽፍልዎታለሁ።

ጣቢያዎ ዘንድሮ ሲከፈት፣ ሁለት መቶ ዓመት የሞላውን የጀርመን ተውኔት ለአዲሶቹ ተመልካቾቻችን በአማርኛ እንዳዘጋጅ ስለጠየቁኝ አመሰግናለሁ። ስምንት ወር ለፋሁበት። በተውኔቱ መጨረሻ፣ የዳኛው ልጅ አታሎ ያዋረዳትን ወጣት ላግባሽ ሲላት፣ በችሎት ፊት እምቢ ብላ ብቻዋን ትወጣለች። ጀርመኖቹ በሁለት መቶ ዓመት ያልደፈሩትን እርስዎ በአንድ ከሰዓት ፈጸሙት።

አንደኛ፣ ጀርመን ፍርድ ቤት ውስጥ ጋቢ የደረቡ ሦስት ሽማግሌዎች አስገቡ። ልጅቷም ያታለላትን ሰው አባት፣ የዳኛውን፣ ጉልበት ስማ ታረቀች።

ሁለተኛ፣ ዳሯት። ሰርጉ የተቀረጸው ማስታወቂያ በሚሰጥዎ የኢስት ፖይንት አዳራሽ ስለነበር፣ የአዳራሹ ስልክ ቁጥር ከሙሽሪት ፊት ይልቅ ጎልቶ መታየቱን አድንቄያለሁ። ለምን ብዬ ስጠይቅዎ ተመልካቹ ገና ለጋ ነው፣ ሆዱን አናባባው አሉኝ። ለጋ የሚሏቸው በስደተኛ ካምፕ ልጅ ያሳደጉ፣ ዛሬ በሁለት ሥራ ቤት የሚያስተዳድሩ ሴቶች ናቸው። አንዲት እምቢታ አትገድላቸውም።

ሦስተኛ፣ ከዚያ ሰርግ ሥር ደራሲ ብለው የእኔን ስም አኖሩ። አንሡልኝ ብዬ ብጽፍልዎ፣ በመልስ ፈንታ ሊልበርን ከተማ እስካለው ቤታችን ድረስ ሦስት ሽማግሌ ላኩ፤ ከሦስቱ ሁለቱ በድራማው ሽማግሌ ሆነው የተጫወቱት ነበሩ። እኔን ዘለው አባቴን ልጅህን ከሥራ አስኪያጁ ጋር አስታርቅልን አሉት። አባቴም ሻይ አቅርቦ፣ ጻፊዋ እሷ ናትና እሷን አነጋግሩ አላቸው። የነገርኳቸውን ሳይቀንሱ እንዳደረሱልዎ ተስፋ አደርጋለሁ።

ድራማው እሑድ በድጋሚ ይተላለፋል። ከዚያ በፊት ወይ መጨረሻዬን ይመልሱ፣ ወይ ስሜን ያንሡ። እርቅ የለም።

የእኔን ስም በጠበቁበት ትጋት የእርስዎን ስም የምጠብቅ፣
ሩሚሳ ሙሀመድሰዒድ

ድኅረ ጽሑፍ፦ ቅዳሜ በዘጠኝ ሰዓት፣ ዋናዋ ተዋናይዎ ሄርሜላ እውነተኛውን መጨረሻ በቤታችን ጋራዥ ትጫወታለች። የሚቀርጹልንም የእርስዎው ካሜራማኖች ናቸው። ለእርስዎ በሩ አጠገብ ወንበር ይዘንልዎታል፤ ልጅቷ ስትወጣ ግን እግርዎን ሰብሰብ ያድርጉላት።