ያነሣሃት እጅ

ውድ ወንድሜ ቱንጃይ፣

የአባባ ቀብር ላይ ጋዜጠኞች አስከትለህ ስለመጣህ ዝም አልኩህ። አሁን ለቀስተኛው ተበትኗል፤ እኔም የአባባን ቆብ ከመስቀያው ማውረድ አቅቶኝ ቁጭ ብያለሁ። እስቲ እንነጋገር።

እዚህ ጀርመን ለክልሉ ምክር ቤት ስትወዳደር ጀርመኖቹ ስምህን እንኳ አስተካክለው መጥራት አይችሉም ነበር። ያስመረጠህ የኛው ቱርክ ነው። አባባ ያን የታመመ ጉልበቱን ይዞ በየዓርቡ መስጊዱ በር ላይ ቆሞ ፎቶህን ሲያድል ይውል ነበር። ሻይ ቤት ወንበር ላይ ወጥተህ ያልከውን አልረሳሁትም። «የዚህን አገር ብረት ያቀለጣችሁ አባቶቻችን፣ ከእንግዲህ በሣጥን ታሽጋችሁ አትቀበሩም! በከፈናችሁ አፈር ትለብሳላችሁ! ያለ ሣጥን አይቀበርም የሚለውን ሕግ እኔ አስለውጣለሁ!»

አባባ እንደ ሕፃን አለቀሰ። ለምን እንዳለቀሰ ታውቃለህ። «እናታችሁን በእንጨት አፍነናታል» እያለ ስንት ዘመን ተብሰለሰለ! ወደ አገር ቤት እንዳንወስደው ለምኖናል፤ ከጎኗ፣ ግን አፈር ነክቶ መተኛት ነው የፈለገው።

የሣጥኑ ሕግ ይለወጥ በሚለው ላይ ድምፅ የተሰጠ ዕለት የሠርጉን ሱፍ ለብሶ የምክር ቤቱ ላይኛው ሰገነት ላይ ከጎኔ ተቀመጠ። አፈ ጉባኤው «የሚቃወሙ?» ሲሉ ከፓርቲህ ሰዎች ጋር እጅህን አነሣህ። አባባ የሚያውቀው ጀርመንኛ የማቅለጫውን ነው፤ «ግፋ»፣ «ቁም»፣ «ተጠንቀቅ»። እጅህን አየና ብድግ ብሎ አጨበጨበ።

«አባት፣ እዚህ ማጨብጨብ ክልክል ነው» አለው ጥበቃው።

«ልጄ እኮ ነው! ያ እጁን ያነሣው የኔ ልጅ ነው!»

ቀና ብለህ አየኸን። ከዚያ ወረቀትህ ላይ አቀረቀርክ።

መተላለፊያው ላይ ያደረገውን አይተሃል። በኛ ወግ ታናሽ ነው የታላቅን እጅ የሚስመው። እሱ ግን ያችን እጅህን ስሞ ግንባሩ ላይ አኖራት። «አላህ አያሳጥራት» አለህ። አንተም አላስጣልከውም! እኔን ግን በጆሮዬ፣ «እትዬ፣ የፓርቲ ውሳኔ ነው፤ አደራ እንዳትነግሪው» አልከኝ። እንዴት ብዬ ልንገረው? ሰውዬው ተደስቶ ከመካ ያመጣውን ከፈን አጥቦ ፀሐይ ላይ አስጥቶ ነበር።

አባባ ሲያርፍ ሣጥኑ መጣ። ከነከፈኑ ከተትነው። ኢማሙ እንደ ደንቡ «በሟቹ ላይ ያላችሁን ሐቅ ይቅር ብላችሁ ሐላል ትሉታላችሁ?» ብለው ሦስት ጊዜ ሲጠይቁ፣ ከሰው ሁሉ በላይ ጮኸህ «ሐላል ይሁን!» ያልከው አንተ ነህ። ቱንጃይ፣ እሱ ያንተን ምን በልቶ ነው ሐላል የምትለው? «አንተስ ልጅህን ሐላል ትለዋለህ?» ብሎ ሟቹን የሚጠይቅ የለም እንጂ ቢኖርማ!

ነገሩ አንተንም ቆርቁሮህ ኖሯል፤ መቃብሩ በር ላይ ክንዴን ይዘህ «እትዬ፣ አባባ ይቅር ይለኝ ይሆን?» አልከኝ። ምላሴን ጠቅ አድርጌ አገጬን ወደ ላይ ቀና አደረግሁ።

ዛሬ ጋዜጣው ላይ ያች ቅጽበት ታትማለች። «እኅቱ በጭንቅላቷ እሺታ አጽናናችው» ይላል ከሥሩ። ጀርመኑ ምን ያውቃል። አባባም ያንተን እጅ እንዲሁ ነው ያነበበው።

አንተ ግን የቱርክ ልጅ ነህ። አገጭ ወደ ላይ ሲቀና «የለም» ማለት እንደሆነ ከእናትህ ጡት ጋር የጠባኸው ነው።

የአባትህ ልጅ፣
ሳባሃት